አንድ ስም አምስት ጊዜ

ባለፈው ጥር፣ ሦስት ሰርግ ተደራርቦብኝ እንቅልፍ ባጣሁበት ሰሞን፣ ጠባሴ ወዳለችው ጠባብ ክፍሌ አንድ ልጅ መጣ። ደብረ ብርሃን ውስጥ ውሹ፣ የቻይናን የፍልሚያ ስፖርት፣ ከሚሠሩት ልጆች አንዱ ነው። ጎህ ሲቀድ፣ ውርጩ ሣሩን አንጥቶት ሳለ፣ በበሬሳ ድልድይ በኩል በቱታ ሲሮጥ አየዋለሁ። ፍላሹን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠና «ጋሼ፣ ፖስተር ይሠሩልኛል?» አለኝ። በአንቱታ ሲያናግረኝ ሽበቴ ትዝ አለኝ።

በስልክ የቀረጸው የአሥራ ስምንት ደቂቃ የፍልሚያ ፊልም አለው። ፖስተሩ ላይ የሚጻፈውን በወረቀት ይዞ መጥቷል፦ ደራሲ፣ ዳይሬክተር፣ ፕሮዲውሰር፣ የፍልሚያ አቀናባሪ፣ መሪ ተዋናይ። ከአምስቱም ፊት ለፊት የተጻፈው ስም አንድ ነው፤ የራሱ።

«አንዴ ጽፌው ሥራውን በነጠላ ሰረዝ ባያይዘውስ?» አልኩት።

«የለም ጋሼ፣ ለየብቻ ይሁንልኝ።»

ሳቄ አመለጠኝ። እኛ አገር ፖስተር ላይ አንድ ስም ሲደጋገም ምን እንደሚባል ታውቃላችሁ፤ «በር ላይ ትኬት የሚቆርጠውም እሱ ነው» ይባላል። ልጁ አልሳቀም። ፍላሹን ትቶልኝ ወጣ።

ያፈርኩት ማታ ነው፤ ኮምፒዩተሩ የሙሽሮቹን ቪዲዮ እያንቀረፈፈ ሲያወጣ፣ እኔ ጋቢዬን ተከናንቤ ስጠብቅ። እኔስ ምንድን ነኝ? ሰርግ ቤት ካሜራ የምይዘው እኔ፣ መብራት የምተክለው እኔ፣ ኤዲት የማደርገው እኔ፣ የሙሽራዋን እናት «እማማ፣ ትንሽ ወደ ግራ ጠጋ ይበሉልኝ» እያልኩ ዳይሬክተር የምሆነው እኔ፣ ሲያልቅ ባጃጅ ጠርቼ ትራይፖዱን የምጭነው እኔ። ፖስተር የለኝም እንጂ ስሜ ከአምስትም በላይ ይደጋገም ነበር። ደግሞ ልጅ ሳለሁ ከማንም አስበልጬ የወደድኩት የፊልም ሰው እንዲሁ ስሙ በየቦታው የሚጻፍ ሰው ነው። ያኔ ስሙን አላውቀውም። «ወፍራሙ» ነበር የምንለው።

ያደግኩት ደብረ ሲና ነው። ከጣርማበር ዋሻ ወጥቶ ጠመዝማዛውን ቁልቁል የወረደ መንገደኛ፣ ጆሮው እንደተደፈነ፣ በመስኮት በኩል መጀመሪያ የሚሰማው «ቆሎ! ቆሎ!» የሚለውን ጩኸት ነው። ከሚጮኹት አንዱ እኔ ነበርኩ። እማዬ ትቆላለች፣ እኔና እህቴ እንሸጣለን። የደሴ አውቶቡስ ብዙ አይቆምም። በስኒ ሰፍሮ፣ በወረቀት ጠቅልሎ፣ ተንጠራርቶ በመስኮት ማቀበል፤ ሾፌሩ ማርሽ ሲያስገባ ደግሞ ከመኪናው ጋር እየሮጡ ሳንቲም መቀበል። ያልከፈለ ይኖራል፤ መልስ ሳይቀበል የሄደ ይኖራል። ሁለቱ ይቻቻላሉ። ከተቻቻሉት መካከል ለእማዬ የማይነገር ሃምሳ ሳንቲም ይተርፋል፤ እሱ የቪዲዮ ቤት ነው።

ቪዲዮ ቤቱ ከአስፋልቱ ገባ ብሎ ያለ የጭቃ ቤት ነበር። መስኮቱ በማዳበሪያ ጆንያ ተሸፍኗል፤ የእግርና የላምባ ሽታ አለው። ፊት ለፊት አንድ ቴሌቪዥን፣ ከሥሩ ዴክ። ዴኩ ካሴት ሲበላ ባለቤቱ መብራት አብርቶ ክሩን በእስክሪብቶ እየጠመጠመ ይመልሰዋል፤ እኛ እስከዚያ የቀረውን ታሪክ እንጨርሰዋለን። መብራት ከሄደ ገንዘብ አይመለስም። ይህ ሕግ የትም አልተጻፈም፣ ማንም አይከራከረውም።

ፊልሙ የሚናገረው ቻይንኛ፣ ከሥር የሚሮጠው ጽሑፍ እንግሊዝኛ፤ ሁለቱንም አናውቅም። ስለዚህ ዓለሙን ሁሉ የምንረዳው በሁለት ቃል ነበር፤ አክተር እና ቦስ። አክተር አይሞትም። ቦስ መጨረሻ ላይ ይሞታል። የቀረው ሁሉ ተደብዳቢ ነው። ችግሩ ወፍራሙ ነው። አንድ ቀን አክተር ሆኖ ይመጣል፣ በሳምንቱ ከቦሱ ጎን ቆሞ ይቀጠቀጣል፣ በሌላኛው ደግሞ ገና ከመጀመሪያው ብሩስ ሊ ይጥለዋል። እንዲህ ያለ ሰው በሕጋችን ቦታ አልነበረውም። ሰውነቱም ሕግ አያውቅም። ጠላ ቤት ደጃፍ ከሰዓት በኋላ ከሚያንቀላፉት ጎልማሶች አይለይም፤ ግን ከቆመበት ተገልብጦ በእግሩ ያርፋል። ሰፈራችን ውስጥ «ድብልብል» እያልን የምናበሽቀው ልጅ ነበር። ወፍራሙን ካየን በኋላ ለካራቴ ጨዋታ ቡድን ሲከፈል መጀመሪያ የሚጠራው እሱ ሆነ። የሚገርመው፣ እውነትም ይገለበጥ ነበር።

ስሙን ያወቅኩት ብዙ ቆይቶ፣ ኢንተርኔት ቤት በሰዓት ሒሳብ እየከፈልኩ ነው። ሳሞ ሁንግ ይባላል። የተወለደው ሆንግ ኮንግ፣ ጃንዋሪ 7 ቀን 1952 ነው፤ የሱን ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ እጽፋለሁ፣ ይችን አንዷን ግን ወደ እኛ መለስኳት። ታኅሣሥ 28 ቀን 1944 ዓ.ም. ሆነች። ዘመነ ዮሐንስ፣ ገና በ28 የሚውልበት ዓመት። ዕድሜውን ሙሉ ለጨዋታ ሲደባደብ የኖረ ሰው በገና ቀን መወለዱ ደስ አለኝ። «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» አይደል የሚባለው።

ዘጠኝ ዓመት ሲሞላው ዩ ጂም ዩን የተባሉ መምህር የሚያስተምሩበት የፔኪንግ ኦፔራ ትምህርት ቤት ገባ፤ ሰባት ዓመት ቆየ። ኦፔራ ሲባል ቆሞ መዝፈን ብቻ እንዳይመስላችሁ። ዜማው፣ ትወናው፣ የጦርና የጎራዴ ጨዋታው፣ መገለባበጡ አንድ ላይ ነው። ወላጅ ውል ይፈርማል፤ ልጁ ለተባለው ዓመት የመምህሩ ነው። ማልደው ይነሣሉ፣ በእጃቸው ተገልብጠው ይቆማሉ፣ እግራቸውን እስኪሰነጠቅ ይከፍታሉ፣ ያጠፋ ይገረፋል። ጃኪ ቻን፣ ዩን ቢያዎ፣ ዩን ዋ፣ ኮሪ ዩን የዚያ ቤት ልጆች ናቸው። «ዩን» ከመምህሩ ስም የተወሰደ ነው፤ ተማሪዎቹ መድረክ ላይ ይጠሩበታል። ሳሞ «ዩን ሉንግ»፣ ጃኪ «ዩን ሎ» ነበሩ። ሳሞ ታላቃቸው ስለነበር መምህሩ ዞር ሲሉ አዛዡ እሱ ነው። እንዴት ያስፈራቸው እንደነበር ጃኪ ቻን ራሱ ተናግሮታል።

ይህን ሳነብ የታዩኝ አያቴ ናቸው። አያቴ የመንዝ ሰው ነበሩ። በልጅነታቸው ዜማ ለመማር ከቤት ጠፍተው፣ ደበሎ ለብሰው፣ አኮፋዳ አንግተው፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያሉ በየደጁ ቁራሽ ለምነዋል። ከብርዱና ከውሻው የትኛው ይብስ እንደነበር እስኪሞቱ ድረስ አልወሰኑም። ተማሪ የቤት ስሙን ትቶ ባገሩ ይጠራል፤ እሳቸውም ሸዋን ሲለቁ «መንዜው» ሆኑ። የኔታቸው ይገርፉ ነበር። «ዜማ በጆሮ ብቻ አይገባም ልጄ፣ በጀርባም ይገባል» ይሉኝ ነበር እየሳቁ። እኔ አልስቅም ነበር። አብረዋቸው ከገቡት ልጆች ስንቱ አቋርጦ እንደቀረ ስጠይቃቸው ወሬ ይቀይራሉ። ዱላ የሚያሞግስ ሰው ሆንግ ኮንግም ይኑር መንዝ አይገባኝም።

ግን ለጥምቀት አያቴ መቋሚያቸውን ይዘው ሲቆሙ አይቻለሁ። ሰባን ያለፈ ሰውነት ነው፤ መቼ ጎንበስ፣ መቼ ቀና እንደሚል ግን አያስብም። በዝማሜው ቀስ ብሎ ይወዛወዛል። መረግድ ላይ ከበሮው ይገባል። ጽፋት ላይ ጭብጨባውና ከበሮው እየተሽቀዳደመ ይፈጥናል፤ ከዚያ ባንድ ጊዜ ጸጥ። የሳሞን ፍልሚያ ዛሬ ድምፁን አጥፍቼ ሳየው የማየው ይህንኑ ነው። ሁለቱ ይተያያሉ፣ አይነቃነቁም። ከዚያ ስድስት ሰባት ምት ትንፋሽ ሳይወስዱ ይለዋወጣሉ። ከዚያ ቀጥ። ያቺ ቀጥ የሚሉባት ቅጽበት ባትኖር ዓይን የትኛው ምት የትኛውን እንዳመጣ አይለይም፤ ግርግር ይሆንበታል። እነሱ ይህን የተማሩት ከኦፔራው ከበሮና ቃጭል ሥር ነው።

ሳሞ በአሥራዎቹ ዕድሜው ተጎድቶ አልጋ ላይ ዋለ፤ ሲነሣ ወፍሮ ነበር። ሲወጣ ደግሞ የተማረው ነገር ገበያ አልነበረውም። ሕዝቡ ወደ ሲኒማ ሄዷል፤ የኦፔራ ቤቶች እየከሱ ነው። ለመገለባበጥ የሚከፍል የቀረው ፊልም ሠሪ ብቻ ነው። ስለዚህ እነዚያ ልጆች ወዳቂ ሆኑ። ከጣሪያ ይወድቃሉ፣ ከደረጃ ይንከባለላሉ፣ የዋናውን ተዋናይ ልብስ ለብሰው ፊታቸው ሳይታይ ይደበደባሉ። ሌላው ከሚፈራው ከፍታ የዘለለ በማግስቱም ይጠራል።

ከዚያ በኋላ ያለው በሩጫ ነው። በ1970 ጎልደን ሀርቨስት የተባለው ኩባንያ ሲቋቋም ሳሞ ሃያ እንኳ ሳይሞላው የፍልሚያ አቀናባሪ ሆነበት። በ1973 ከብሩስ ሊ ጋር «ኢንተር ዘ ድራገን» መግቢያ ላይ ተፋለመ። ሁለቱም ጥቁር ቁምጣና ጣት የሚያሳይ ጓንት ለብሰው ነው፤ መጨረሻ ላይ ሳሞ ክንዱ ተጠምዞ በመዳፉ መታ መታ አድርጎ ይሸነፋል። ብሩስ ሊ በዚያው ዓመት ጁላይ ላይ ሞተ፤ ፊልሙ የወጣው ከሞቱ በኋላ ነው። ደብረ ሲና ላይ ያንን ትዕይንት ስናይ ሁላችንም የምናየው ብሩስ ሊን ነበር። አሁን የማየው ሌላውን ነው። እንዴት እንደሚነሣ ተመልከቱት። ስንት ጊዜ ወድቆ፣ ስንት ጊዜ ሰውነቱን ለብሩስ ሊ እንደሚያመቻችለት። በ1977 የመጀመሪያ ፊልሙን ዳይሬክት አደረገ። በልጅነቱ ካሜራ ፊት ከቆመበት ከ1961 ብንቆጥር አሥራ ስድስት ዓመት።

የልጁን ፍላሽ የከፈትኩት ከፍሬም የወጣ ሰርገኛ እየፈለግሁ በሰለቸኝ ሰዓት ነው። ልጁ ይችላል። እግሩ ይደርሳል፣ ሚዛኑ አይናወጥም፣ ማስተሩ በደንብ አስተምረውታል። ፊልሙ ግን ውሸት ይመስላል። ጡጫው ከተመቺው ፊት አንድ ስንዝር ርቆ ሲያልፍ በግልጽ ይታያል፤ ስልኩን ከጎን አስቀምጦ ነው የቀረጸው። ደወልኩለት። «ፖስተሩን ተወው፣ መጀመሪያ አንዷን ፍልሚያ እንደገና እንቅረጻት» አልኩት። ዝም አለ። ከዚያ «ስንት ያስከፍሉኛል?» አለ። የሰርግ ሰው ነኝ፣ የለመድኩትን ዋጋ ልጠራ ነበር፤ የዚያን ቀን ሳቄ ትዝ ሲለኝ በነፃ አልኩት።

ቅዳሜ ጠዋት እኔ፣ እሱና ሁለት ጓደኞቹ ወደ ጣርማበር ወጣን፤ ምኒልክ መስኮት። የማታውቁት ካላችሁ፣ ደጋው ድንገት አልቆ ቆላው ከእግር በታች የሚዘረጋበት ገደል ነው። ከገደሉ ራቅ ብለን ሣር ላይ ቦታ መረጥን። እሳር ላይ ጭላዶች ተቀምጠው ሥር ይነቅላሉ፤ እኛን ከምንም አልቆጠሩንም። ሆንግ ኮንጎች በጥንቱ ጊዜ የሚወድቁት ባዶ ካርቶንና ፍራሽ ላይ ነበር። እኛ ሁለት ጆንያ ጭድ ይዘናል፤ ላዩ ላይ የአያቴን የመንዝ ባና አነጠፍኩበት።

መጀመሪያ ያልገባኝን ነገር እዚያ ገባኝ። ካሜራውን ከመቺው ትከሻ ኋላ ስታደርጉት ያቺ ስንዝር ትጠፋለች። ጥሩ፤ ይህን ማንም ያውቃል። ግን ስንዝሯ ጠፍታም ምቱ ምት አይመስልም። አምስት ጊዜ ደገምነው። ልጁ በጡጫው ላይ ኃይል ይጨምራል፣ ፊቱን ያኮሳትራል፣ ይጮኻል፤ ምንም። ከዚያ ጓደኛውን፣ የሚመታውን፣ «አንተ ቀድመህ አትሽሽ፤ ጡጫው ሲያልፍ አገጭህ ይከተለው፣ ከዚያ ትከሻህ፣ መጨረሻ ላይ እግርህ» አልኩት። አገጭ፣ ትከሻ፣ እግር። ስክሪኑ ላይ ስናየው አራታችንም «ዋይ!» አልን። መቺው ከበፊቱ ምንም የጨመረው ነገር የለም። ምቱን የሠራው የተመታው ልጅ ነው።

ሣሩ ላይ ቁጭ ብዬ ወፍራሙን አሰብኩ። ፖስተር ላይ ስም ሲደረደር ከዳይሬክተር ተጀምሮ ወደ ታች ነው፤ ወዳቂው ከናካቴው አይጻፍም። የሳሞ ሕይወት ከዚያ ካልተጻፈው ነው የሚጀምረው። ካሜራ የት እንደሚቀመጥ ያወቀው ስለተመታ ነው። ስንት ዓመት ሙሉ ጡጫው ወደሱ ሲመጣ ሲያይ፣ መቼ ቢወድቅ እንደሚታመን በጎድኑ ሲማር። ሆንግ ኮንግ ውስጥ ደግሞ ፍልሚያ ሲደርስ ዳይሬክተሩ ወንበሩ ላይ ይቀመጣል፣ አቀናባሪው የቀረጻውን ቦታ ይረከባል። ካሜራው የት እንደሚቆም፣ ምቱ የት ላይ እንደሚቆረጥ የሚወስነው እሱ ነው። ሰርግ ላይ ኬክ የሚቆረጥበት ሰዓት ሲደርስ ሙሽራው ሳይሆን እኔ እንደማዘው። ብዙ ጊዜ ፍልሚያውን የሚቀርጹት ቁራጭ በቁራጭ ነው፤ ጥቂት ምት፣ ቁረጥ፣ ካሜራውን አዙር፣ ቀጥል። ስለዚህ አቀናባሪ የሆነ ሰው ግማሽ ዳይሬክተርና ግማሽ ኤዲተር ሆኗል፤ ሌላውን ስም ቢጨምር የሠራውን መሰየሙ እንጂ መመጻደቁ አይደለም።

ዱቄት እንደሚጠቀሙም አንብቤ ነበር። የተመቺው ልብስ ላይ ትንሽ ይነሰነሳል፤ ምቱ ሲያርፍ ቡን ይላል፣ ኃይሉ ለዓይን ይታያል። ዱቄት አልያዝንም። በሶ ነበረን። የልጁ ጓደኛ ጥቁር ጃኬት ደረት ላይ በሶ ነሰነስን። የመጀመሪያዋ ርግጫ እጹብ ድንቅ ነበረች፤ ገደሉ ከኋላ፣ ጉሙ ከሥር እየወጣ፣ በሶው በጠዋት ፀሐይ ቡን ሲል። ሁለተኛው ላይ ነፋሱ ዞረና በሶውን ይዞ ሌንሴ ውስጥ አስገባው። ሌንሱን በቀሚስ ጨርቅ እየጠረግሁ ሳለሁ አንድ ትልቅ ወንድ ጭላዳ ቀስ ብሎ መጥቶ የቀረውን በሶ ከነፌስታሉ ወሰደ። ምሳችን ነበር።

ከሰዓት በኋላ እኔም ወደቅሁ። ማንም አላስገደደኝም። በአርባዎቹ ዕድሜ ላይ ያለ፣ ወገቡን የሚያመው የሰርግ ካሜራማን «ተነሡ እስቲ፣ ላሳያችሁ» አለና ባናው ላይ በጀርባው ተዘረጋ። ጭዱ ለካ በልጆቹ ክብደት ወደ ዳር ሸሽቷል። ሦስት ቀን እንደ አሮጊት ተደግፌ ነበር የምነሣው። ግን ስወድቅ ያየሁትን አልረሳውም። ሰማዩ፣ ከዚያ የልጁ ጫማ፣ ከዚያ ሣሩ። ካሜራዬን እዚያ፣ ሣሩ ውስጥ፣ ወደ ላይ አዙሬ ብተክለው ብዬ አሰብኩ፤ ተከልኩት። ከሁሉ ጥሩ የሆነችው ትዕይንት እሷ ናት።

ስለ ፕሮዲውሰሩ ሳሞ ብዙ አልልም፤ ገንዘብ ለቅሞ ፊልም ማሠራት የማላውቀው ዓለም ነው። ሁለት ነገር ግን አልዘልም። በ1980 ቦ ሆ በሚባለው ኩባንያው አስፈሪና አስቂኝ የተቀላቀለበት የሙታን መንፈስ ፊልም ሠራ፤ በ1985 ደግሞ ፕሮዲውስ ያደረገው ሌላ ፊልም ያንን ዘር አገር ለአገር አዳረሰው። እጃቸውን ዘርግተው በሁለት እግር እየዘለሉ የሚመጡት፣ ግንባራቸው ላይ ቢጫ ወረቀት የተለጠፈባቸው ሙታን ትዝ ይሏችኋል? ደብረ ሲና ለሳምንታት ልጅ ሁሉ በዝላይ ነበር ውኃ የሚቀዳው። እህቴ ግንባሯ ላይ የደብተር ቅዳጅ ለጥፋ እማዬን በጨለማ ጓዳ ጠብቃ አስደነገጠቻት፤ ምን እንደደረሰባት ለራሷ ልተወው። ሁለተኛው፣ ተዋናይቷ ሚሼል ዮ በፊልም የጀመረችው በሱ ቤት ነው። በ1984 እሱ ዳይሬክት ባደረገው ፊልም ላይ ትንሽ ቦታ ነበራት፤ በ1985 ፕሮዲውስ ባደረገው ፊልም መሪ ሆና መደባደብ ጀመረች። በ2023 ኦስካር ስትቀበል ስለሱ ያወራ እኔ ዘንድ አልደረሰም፤ እኔ ግን ቡና ቤት ውስጥ ላጠገቤ ሰው ሁሉ አወራሁ።

ሁሉን ወድጄለትም አይደለም። አንዳንዶቹ የ80ዎቹ ኮሜዲዎቹ ዛሬ ሲታዩ ያሳፍራሉ፤ ሴት መነካካት ቀልድ ሆኖ የተሞላባቸው ናቸው። በልጅነቴ ስቄባቸዋለሁ፤ ከልጄ ጋር ግን አላያቸውም። ወደ አሜሪካ ሄዶ ከ1998 እስከ 2000 የሠራው የቴሌቪዥን ተከታታይም ለኔ የሱ አይመስለኝም፤ እግሩ እንጂ አፉ እዚያ አልነበረም።

ከሁሉ ይበልጥ የሚያሳስበኝ በ1988 የሠራው ነው። ስላደገበት የኦፔራ ትምህርት ቤት ፊልም ተሠራ፤ ዳይሬክተሩ ሌላ ሰው ነው። ሳሞ መምህሩን፣ ዩ ጂም ዩንን ሆኖ ተወነ። ሲገርፉት የነበሩትን ሰው ልብስ ለብሶ፣ በልጆች ፊት በትር ይዞ ቆመ። በሆንግ ኮንግ የፊልም ሽልማት ምርጥ ተዋናይ ተባለበት። እዚያ ፊልም ውስጥ ብዙም አይደባደብም። ትምህርት ቤቱ ሲዳከም፣ የመምህሩ ዘመን ሲያልፍባቸው፣ ትልቅ ሰውነቱ እንዴት እንደሚያንስ ብቻ ታያላችሁ። አያቴም ካረጁ በኋላ ለሰፈር ልጆች ዳዊት ሲያስተምሩ ድምፃቸው ይቀየር ነበር። የማን ድምፅ እንደሆነ ስጠይቃቸው «የየኔታ» ብለው ዝም አሉ። አለንጋውንም ይዘው ነበር፤ ሲመቱበት ግን አላየሁም። መሬቱን ብቻ ቸብ ያደርጉበታል።

በ2009፣ ዊንግ ቹን የሚባለው የፍልሚያ ስልት መምህር ስለነበረው ስለ ኢፕ ማን ሁለተኛውን ፊልም ሲሠሩ ሳሞ የልብ ቀዶ ሕክምና ተደረገለት። አቀናባሪው እሱ፣ ከዋና ተዋንያኑም አንዱ እሱ። ተመልሶ ከመሪ ተዋናዩ ከዶኒ የን ጋር ክብ ጠረጴዛ ላይ ወጥቶ ተፋለመ፤ ዙሪያውን በርጩማዎች እግራቸው ወደ ላይ ተገልብጠው ተደርድረዋል፣ ከጠረጴዛው የወረደ ያርፍባቸዋል። ያንን ትዕይንት ለልጁና ለጓደኞቹ በስልኬ ከፈትኩላቸው፤ ከጣርማበር ስንመለስ፣ ሚኒባስ ውስጥ፣ አራት ራስ በአንዲት ስክሪን ላይ ደፍተን። ጓደኛው፣ በሶ የተነሰነሰበት ልጅ፣ «ሽማግሌው ይበልጣል» አለ። ልጁ ግን ዝም ብሎ መልሶ መልሶ የሚያያት አንድ ቦታ ነበረችው፤ ሳሞ ተመትቶ ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ሲንገዳገድ። አገጭ፣ ትከሻ፣ እግር።

በሳምንቱ አዲሱን ቁራጭ አስገብተን ፊልሙ ሃያ ደቂቃ ሞላ። ልጁ ለፖስተሩ መጣ። ያቺን ወረቀት አወጣ፤ ተጣጥፋ ተጣጥፋ ልትቀደድ ደርሳለች።

«ጋሼ፣ አንድ ነገር ላሻሽል ነበር።»

ስሞቹን ሊቀንስ ነው ብዬ ደስ አለኝ።

«ስድስተኛ ይጨመርልኝ። ሦስተኛው ፍልሚያ ላይ ከድንጋዩ የወደቅኩት እኮ እኔ ነኝ።»

«ምን ብለን እንጻፈው?»

ተያየን። ስታንትማን እንዳንል ፊደሉ አላማረውም። «ተወርዋሪ» አልኩ፤ ኮከብ አስመሰለው። «ተደብዳቢ» አለ ጓደኛው ከበሩ ላይ ሆኖ፤ ለሱም ስሙ እንዲጻፍለት ፈልጎ ነው የመጣው። ግማሽ ሰዓት ተከራከርን። በመጨረሻ «ወዳቂ፦» ብዬ ሁለቱንም ስሞች ጻፍኩና ከሁሉም በላይ፣ ከደራሲው በላይ አስቀመጥኩት።

ልጁ ወደ ስክሪኑ ጠጋ ብሎ አየው። «ትንሽ ተለቅ ይበል» አለ።